ታፔላው ምን ይላል?

አዲስ አበባ፣ አንድ የታክሲ ተራ፣ ጠዋት፤ ተራ አስከባሪው ጋሽ ደምሰው፣ አጥሩ ጥግ ከሸራ ጥላ ሥር ለሊስትሮና ለሶፍት ሻጭ ልጆች ፊደል የምታስተምረውን ምሥራቅን ሊያስነሷት መጥተዋል።

ጋሽ ደምሰው፦ ብያለሁ፣ ሁለተኛ አልደግምም። ሰሌዳሽን ንቀዪ!

ምሥራቅ፦ ሦስተኛዎ ነው እኮ፣ ጋሼ። ደህና አደሩ?

ጋሽ ደምሰው፦ እግዚአብሔር ይመስገን፣ አንቺስ ደህና አደርሽ? ኤጭ! ሰላምታ አታስገቢብኝ፣ ንዴቴን ታበርጂዋለሽ። ንቀዪ!

ምሥራቅ፦ ምን አጠፋን? ይሄን ሸራ የወጠሩልን እርስዎ ራስዎ አይደሉ እንዴ? «ፀሐዩ አናታቸውን አይብላቸው» ብለው?

ጋሽ ደምሰው፦ ያኔማ ሀሁ ብቻ ነበር የሚሉት። ጠዋት ጠዋት ሲያዜሙት ቤተክርስቲያን የቆምኩ ነበር የሚመስለኝ። አሁን ግን ጀመራቸው።

ምሥራቅ፦ ምን ጀመራቸው?

ጋሽ ደምሰው፦ ማንበብ ነዋ!

ምሥራቅ፦ ታዲያ ምን እንዲጀምራቸው ነበር የፈለጉት፣ ጉንፋን?

ጋሽ ደምሰው፦ ቀልጂ አንቺ! ትናንት ያቺ ሶፍት ሻጭ፣ ያቺ ክንድ የማታክል ዘቢደር ምን እንደሠራች ሰምተሻል? ታክሲው ሞልቷል፣ ወያላው በሩን ሊዘጋ ነው። እሷ ወገቧን ይዛ መኪናው ፊት ተገትራ ታፔላውን ታነብባለች። ለዚያውም እየቆጠረች! «ቃ... ሊ... ቲ!» ወያላው እኮ «ጎተራ፣ ጎተራ» እያለ ነው የጫነው። በቃ፣ ሰዉ ሁላ «እስከ ቃሊቲ ሳታደርሰን አንወርድም» ብሎ ተለጠፈበት።

ምሥራቅ፦ ጎበዝ ዘቢደር! «ቃ»ን እኮ ባለፈው ሳምንት ነው የያዘችው።

ጋሽ ደምሰው፦ ጎበዝ ትላለች እንዴ!

ምሥራቅ፦ ምን ልበል ታዲያ? መንገዱን ጎተራ ላይ ቆርጦ፣ ሰዉን አውርዶ፣ እንደገና ጭኖ ሁለቴ ሊያስከፍል ነበራ።

ጋሽ ደምሰው፦ እሱን እኔ አላውቅም። እኔ ተራ አስከባሪ ነኝ። ወያላው «ጎተራ በልልኝ» ይለኛል፣ ጎተራ እላለሁ። ብቻ ሾፌሮቹ ተሰብስበው መጡብኝ። «ወይ ትምህርት ቤቱ ይነሳል፣ ወይ አንተ ባጅህን ታወልቃለህ» ነው ያሉኝ፣ እቅጩን።

ምሥራቅ፦ ባጅዎን? ውይ፣ ጋሼ።

ጋሽ ደምሰው፦ ባጄን! በዚህ ዕድሜዬ ባጄን አውልቄ ምን ልሆን ነው? ድንጋይ ልሸከም? እጄ የሚገባው ከእነሱ ነው፣ ወጪት ሰባሪ አታድርጊኝ።

ምሥራቅ፦ እሺ፣ እኔ ተነሳሁ እንበል። ልጆቹስ?

ጋሽ ደምሰው፦ ልጆቹማ የት ይሄዳሉ? ሊስትሮው ጫማውን ይጠርጋል፣ ዘቢደርም ሶፍቷን ትሸጣለች።

ምሥራቅ፦ እኮ! ሰሌዳዬን ነቅዬ እሄዳለሁ እንጂ ዓይናቸውን ነቅዬ አልሄድ።

ጋሽ ደምሰው፦ ተዪው፣ ይረሱታል። የልጅ ነገር።

ምሥራቅ፦ ቢረሱት እኮ ጥሩ ነበር። የሚያስፈራው ግማሹን ማወቃቸው ነው። ሁሉንም ፊደል ገና አልጨረሱም። የማያውቁት ሲገጥማቸው ምን እንደሚያደርጉ ያውቃሉ?

ጋሽ ደምሰው፦ ዝም ይላሉ።

ምሥራቅ፦ የተራ ልጅ ዝም ሲል አይተው ያውቃሉ? ይገምታሉ እንጂ! ያ ሊስትሮው ሮባ፣ ታፔላው «ጀሞ» ይላል፤ እሱ ደግሞ «ጀ» ላይ ገና አልደረሰም። «ሞ»ን ብቻ ያይና ደረቱን ነፍቶ «ሞጆ! ሞጆ!» ብሎ አይጮህም መሰለዎ?

ጋሽ ደምሰው፦ ሃሃሃ! ያ የባለፈው ባለ ኮፍያ ሰውዬ! ሮጦ ገብቶ «ሞጆ አውርዱኝ» ሲል እኔ እኮ የጤና አልመሰለኝም ነበር። ለካ ሮባ ነው ጉድ የሠራው!

ምሥራቅ፦ እንግዲህ ዛሬ ቢያስነሱኝ፣ ተራዎ ሙሉ ግማሽ ልጩ ግማሽ ጎፈሬ አንባቢ ይዘው ነው የሚቀሩት። ወይ ያስጨርሱኝ፣ ወይ የሞጆ መንገደኛ ይልመዱ።

ጋሽ ደምሰው፦ አንቺ ልጅ፣ ይህን ምላስ ከየት ነው የገዛሽው? አሳቅሽኝ። ግን አልችልም። ክፉ ሆኜ እንዳይመስልሽ። ጸጉሬ የሸበተው እዚህ ነው። ሰው የሚሰለፈው እኔን አምኖ ነው። ያ ዓይነ ስውሩ መሪጌታ እንኳ «ደምሰው ከጠራው አለቀ» ብሎ ነው ዘው የሚለው።

ምሥራቅ፦ አይቆጡኝና አንድ ነገር ልጠይቅዎ?

ጋሽ ደምሰው፦ ጠይቂ።

ምሥራቅ፦ ታፔላው ቃሊቲ እያለ እርስዎ ለምን ጎተራ ብለው ይጣራሉ?

ጋሽ ደምሰው፦ ነገርኩሽ እኮ፣ ወያላው...

ምሥራቅ፦ ወያላውን ይተዉት። ታፔላው አፍንጫዎ ሥር ነው።

ጋሽ ደምሰው፦ መኪኖቹን አውቃቸዋለሁ። ያ ጎኑ የተጋጨው ነው፣ ያኛው መስታወቱ በፕላስተር የተለጠፈው፣ ያ ደግሞ ቀበቶው የሚያፏጨው። ማን የት እንደሚሄድ ድሮ በዚህ ይበቃኝ ነበር። ሰሞኑን ስምሪቱን ለዋወጡትና ተምታታብኝ።

ምሥራቅ፦ ጋሼ...

ጋሽ ደምሰው፦ ምን ጋሼ ጋሼ ትያለሽ! አዎ፣ አላነብም! ተሸካሚ ሆኜ ነው የመጣሁት፣ ማን ሸራ ወጥሮ ሀሁ ይለኝ ነበር? ቀስ ደግሞ በይ፣ ልጆቹ ይሰማሉ።

ምሥራቅ፦ አልሰሙም፣ ጽሑፍ ላይ ናቸው። እኔም አልሰማሁም።

ጋሽ ደምሰው፦ አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም፣ አሉ... ቆይ። ቆይ እስቲ። ባለፈው አንዲት እናት መጥተው ነበር፣ ጭብጦ በጨርቅ ጠቅልለው። «ልጄ ቃሊቲ ታማብኛለች፣ ቶሎ የሚያደርሰኝ የትኛው ነው?» አሉኝ። «ሁሉም እስከ ጎተራ ነው እናቴ፣ ከዚያ ሌላ ይያዙ» ብዬ እጃቸውን ይዤ አሳፈርኳቸው። በጎኑ በተጋጨው።

ምሥራቅ፦ በተጋጨው?

ጋሽ ደምሰው፦ በተጋጨው። ምን ይላል እሱ ታፔላው?

ምሥራቅ፦ ቢቀርብዎ ይሻላል፣ ጋሼ።

ጋሽ ደምሰው፦ ንገሪኝ!

ምሥራቅ፦ ቃሊቲ ነው የሚለው። ትናንት ዘቢደር ያነበበችው እሱኑ ነው።

ጋሽ ደምሰው፦ ወይኔ ደምሰው! ሴትዮዋ እኮ መርቀውኝ ነው የሄዱት። «እንዳንተ ያለውን ያብዛልን» ብለውኝ! ለካ እነዚህ ሰዎች ውሸታቸውን በእኔ ጉሮሮ ነው ሲያስጮሁት የከረሙት! እኔ ደግሞ ተሳፋሪው ሲያማርር «ሰው መቼም አይጠግብ» እላለሁ።

ምሥራቅ፦ እርስዎ አላወቁማ።

ጋሽ ደምሰው፦ አለማወቄ ለእሳቸው ምን ጠቀማቸው? ለሌላ ታክሲ የሚከፍሉት አጥተው በእግራቸው ሄደው ይሆናል፣ በዚያ በደከመ እግር። ተቃጠልኩ!

ምሥራቅ፦ ይብቃዎት። እንደው በከንቱ ተሟገትኩዎት። እርስዎን ባጅ አስወልቄ እኔ ማንን አስተማርኩ እላለሁ? ሌላ ጥላ አላጣም። ልጆች፣ ደብተራችሁን ሰብስቡ። ሮባ፣ ሰሌዳውን ያዝልኝ።

ጋሽ ደምሰው፦ ሮባ፣ አስቀምጥ!

ምሥራቅ፦ ጋሼ?

ጋሽ ደምሰው፦ ያውልሽ፣ መጣ።

ምሥራቅ፦ ማን?

ጋሽ ደምሰው፦ የተጋጨው ነዋ። ወያላው ገና ከሩቁ በመስኮት ተንጠልጥሎ «ጋሽ ደምሴ፣ ጎተራ በልልኝ!» ይለኛል። ሾፌሩም አብሮት ይስቃል። ሳቅ አንተ፣ ሳቅ።

ምሥራቅ፦ እባክዎ ይተዉ፣ በኋላ ባጅዎን...

ጋሽ ደምሰው፦ እውነት ተናግሮ እመሸበት ማደር! ዘቢደር! ሶፍትሽን አስቀምጪና ነይ የኔ ልጅ። አትፍሪ፣ እጄን ያዢ። ያን ታፔላ አንብቢልኝ፤ አንቺ ያነበብሽውን እኔ እጣራለሁ።