ልጓሙ ከክፍሉ ስለወጣበት ሁኔታ ከፀጉር አስተካካዩ የተወሰደ ቃል

የምስክሩ መጠሪያ፦ ጋሽ መቀስ፣ በዚሁ ስም የሚታወቁ
ዕድሜ፦ 61
ሥራ፦ ፀጉር አስተካካይ
አድራሻ፦ ከዳቦ ቤቱ ቀጥሎ፣ የፊቱ ክፍል ፀጉር ቤት፣ ጓዳው መኖሪያ
ቀን፦ የቅባት ቀን ማግስት፣ ጠዋት
ተጠርጣሪ፦ የጊዜ ማርጊያ መሣሪያው ባለሙያ፣ በሰፈር ስሟ ዝምታ
ከሳሽ፦ ዳቦ ጋጋሪው

ከላይ የተጠቀስኩት ምስክር ተጠይቄ የማውቀውን እንደሚከተለው አስረድቻለሁ።

በመዝገብ የጊዜ ማርጊያ መሣሪያ የተባለውን እኛ ልጓም እንለዋለን። ጊዜ እንዳሻው ወደ ኋላ እንዳይፈረጥጥ የሚይዝልን እሱ ነው። ቁመቱ ከጀሪካን አይበልጥም፤ ክብደቱ ግን ሁለት ሰው ያጎብጣል። በዓመት አንድ ቀን ተፈታትቶ ይቀባል። የዚያን ቀን ጊዜ እስከ ማታ ልል ስለሚሆን በሰፈራችን ማንም የማይጨርሰውን ነገር አይጀምርም። እኔም ሱቄን እዘጋለሁ። አንድ ዓመት እምቢ ብዬ ደንበኛ ላጭቼ፣ ፎጣውን ሳራግፍ ፀጉሩ ተመልሶ በቅሎ ጠበቀኝ። ደንበኛውም «ጋሽ መቀስ፣ እስካሁን ሲያንቀላፉ ነበር እንዴ?» ብሎ አኩርፎኝ ሄደ።

ትናንት የቅባት ቀን ነበር። ዝምታ ከጠዋት ጀምሮ ልጓሙን ፈታትታ እየቀባች ነበር። ልጄ የመጀመሪያ ልጇን አርግዛ ቀኗ ገና ነው ተብለን ነበር፤ ምጥ ግን ማስታወቂያ አያነብም፤ ከምሳ በኋላ ያዛት። ባሏ ለሥራ ራቅ ብሎ ስለሄደ አዋላጇን የጠራሁት እኔ ነኝ።

ዘጠኝ ሰዓት ላይ አዋላጇ «የሕፃኑ ራስ ታየኝ፣ አይዞሽ!» ስትል ከመጋረጃው ውጪ ሆኜ ሰማሁ። ተመስገን ልል አፌን ስከፍት ጊዜው ወደ ኋላ ተንሸራተተ፤ የልጄም ምጥ ከሀ ጀመረ። እንደገና ዘጠኝ ሆነ፤ እንደገና ተመለሰ። መርማሪው ሰዓቱን በትክክል እንድገልጽ ጠይቀውኛል፤ የምችለው ይህን ያህል ነው፤ ትናንት ዘጠኝ ሰዓት ሦስት ጊዜ ሆኗል። ጊዜ ሲመለስ ሥራ ይፈርሳል እንጂ ድካም አብሮ አይመለስም። በሦስተኛው አዋላጇ ወደ እኔ ወጥታ፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «ጋሽዬ፣ ለአንድ ጊዜ ነው አቅም የቀራት» አለችኝ። በዕድሜዬ እንደዚያ ፈርቼ አላውቅም።

ሮጬ ወደ ልጓሙ ክፍል ሄድኩ። ዝምታ ስሟን ያገኘችው ሰላምታ እንኳ በጭንቅላቷ ስለምትሰጥ ነው። ስነግራት ግን «እስከ ማታ አይገጠምም። እንደተፈታ አጥብቀው ከያዙት አንድ ጓዳ ያረጋል» አለችኝ። ከክፍሉ ማውጣት ክልክል መሆኑ በሩ ላይ በቀይ ተጽፏል፤ ሁለታችንም እናውቃለን። ለመንኳት። ልጓሙን ከወለሉ ጋር ያሸገውን የወረቀት ማኅተም ቀድዳ «በዚያ በኩል ይያዙልኝ» አለችኝ። ስለዚህ ያወጣነው ሁለታችን ነን፤ ጥፋት ከተባለ የእኔም ነው።

ጓዳው ውስጥ ዝምታ ወለሉ ላይ ተቀምጣ የሚንቀጠቀጠውን ልጓም በጉልበቷ መሀል አድርጋ አቀፈችው። ሰዓቱም ዘጠኝን አለፈ። ውጪ ሰፈሩ ግን ጨርሶ ያለ ልጓም ስለቀረ ባሰበት። ዳቦ ጋጋሪው የቅባት ቀን መሆኑን እያወቀ ምድጃውን ለኩሶ ስለነበር ዳቦው ሊጥ፣ ሊጡ ዱቄት ሆነበት። ልጓሙን ወደ ቤቴ ስናስገባ አይቶ ስለነበር መጀመሪያ እዚህ ጣቢያ መጥቶ ከሰሰ፤ ቀጥሎ ቤቴን በርግዶ ገባ። «አንዱን ዳቦ አራት ጊዜ ጋገርኩ! እኔ ሰው አይደለሁም?» ሲል ጮኸ። ልጄ ከመጋረጃው ጀርባ «እኔስ?» አለችው።

ወዲያው ዝምታ «ክንዴ ዛለ» ስትል፣ ሰውየው ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ ዱቄት በዱቄት በሆነ እጁ ከእሷ ጋር ያዘ። እስከ መጨረሻው አልለቀቀም።

ሕፃኗ አለቀሰች። ወደ ኋላ እንዳይመለስብን ፈርተን ማናችንም አልተነቃነቅንም። ሁለተኛ አለቀሰች፤ ከዚያማ ማን ያስቁማት! አዋላጇ «ሴት ናት፤ እናትየዋም ደህና ናት» አለች። እኔም አለቀስኩ፤ ይህም ይጻፍልኝ። ልጓሙን ተጋግዘን ወደ ክፍሉ እንደመለስነው ዝምታ እዚያው በሩ ላይ ተይዛለች።

ቃሌ ተነብቦልኝ አድምጫለሁ፤ ያልኩት ሁሉ ያየሁትና የሰማሁት ነው፤ የጨመርኩበትም የሸሸግኩትም የለም።

የምስክሩ ፊርማ ________
የመርማሪው ፊርማ ________

የመርማሪው ማስታወሻ፦ ይህ ቃል ሲወሰድ ከሳሹ ቀርቦ ክሱን ማንሳት እንደሚፈልግ ገልጿል። ጉዳዩ ማኅተም መቅደድን ስለሚጨምር ክሱን ማንሳት ብቻውን እንደማይበቃ ሲነገረው «እንግዲያው ዋሷ እኔ ነኝ» ብሎ ፈርሟል። ተጠርጣሪዋ በዋስ ተለቃለች። ከተያዘች ጀምሮ አንድም ቃል አልሰጠችም ነበር፤ ስትወጣ ግን በሩ ላይ ቆማ «ሕፃኗ ደህና አደረች?» ስትል ጠይቃለች። ደህና ማደሯ ተነግሯታል።