ኩሬው ዳር ያለችው ወፍጮ

ደባርቅ በምሠራበት ሎጅ ውስጥ ኩሬው ዳር መቀመጫ እንድሠራ ታዘዝኩ። ነዋሪዎቹ ለፓርኩ ሲባል ተነስተው ባዶ ከቀረ የተራራ መንደር የድንጋይ ወፍጮዎች አስመጣሁና በውሃው ዙሪያ ደረደርኳቸው። ፈረንጆቹ ወደዱት፤ እኔም ኮራሁ።

አንድ ቀን ለአረም የቀጠርናቸው አሮጊት ከአንዷ ወፍጮ ፊት ተንበረከኩ። እጃቸውን ጎድጓዳዋ ላይ አሳረፉ። «ምነው እናቴ፣ አመመዎት?» አልኳቸው። «ይቺ እኮ የኔ ናት» አሉኝ። «ጥጓን የሸረፋት ባሌ ነው፣ ሲወቅርልኝ።» ክው አልኩ። «በቃ ይውሰዷት! አሁኑኑ በጋሪ ቤትዎ ድረስ አመጣልዎታለሁ» አልኩ። ቀና ብለው አዩኝ። ቁጣ እንኳ የላቸውም። «መሬቴን ወስዳችሁ፣ ምን ልፈጭባት ልጄ?» አሉና ወደ አረማቸው ተመለሱ።