ጓድ ብሩ ያነበቡት መጽሐፍ

ክቡራትና ክቡራን፤ ይቅርታ፣ ጓዶች! ጡረታ የሚወጣ ሰው አፉ ቀድሞት ነው የሚወጣው።

ስለ ሻዩ፣ ስለ ድፎ ዳቦው፣ ከኮምቦልቻ አስመጥታችሁ ስለሰጣችሁኝ አንሶላ አላህ ይስጥልኝ። ሥራ አስኪያጃችን ጓድ በላቸው "ዘይቱና በሥራ ዘመኗ አንድም ስሕተት አልሠራችም" ሲሉ ሰምታችኋል። ኧረ ጓድ በላቸው! እኔ የለቀምኩትን ፊደል ሲያርሙ አይደል እንዴ ዓይንዎ የደከመው? ይሁን፣ እንደ ምርቃት ወስጄዋለሁ።

ስለ ራሴ ብዙ አላወራም። ፊደል ለቃሚ ምን ታሪክ አለው? ቆሞ የሰው ጽሑፍ በብረት ፊደል ሲደረድር ይውላል፣ ጣቱ ይጠቁራል፣ ይኸው ነው። የማወራችሁ ስለ ዘርመላ መጽሐፍ ነው። አትሳቁ፣ ገና አልጀመርኩም!

አዲስ ለገባችሁት ልንገራችሁ፤ ዘርመላ የሚባል አገር የለም። እዚሁ ማተሚያ ቤት፣ መብራት በጠፋ ቁጥር እየተጫወትን የፈጠርነው አገር ነው። በዘርመላ ወንበር ክልክል ስለሆነ ስብሰባ አይረዝምም። በዘርመላ ሐኪም ያዘዘውን መድኃኒት መጀመሪያ ራሱ ይጠጣል። አንድ ቀን ጠራዣችን በሺር "አገር ካለ መጽሐፍም ሊኖረው ይገባል" አለ። እኔ ያረጁትን የብረት ፊደሎች ገልብጬ፣ አጋድሜ፣ አደባልቄ ደረደርኩ፤ በተረፈ ወረቀት አተምነው፤ በሺር በፍየል ቆዳ ጠረዘው። ወላሂ፣ ሲያዩት ያስፈራ ነበር! ከደጋን የመጣ አንድ ገበሬ አይቶት፣ የታመመች ላሙን ሊያሻሽበት ለምኖናል። እኛ ግን አንዲት ቃል አናውቅበትም።

በሺር "ለአማቼ ላሳየው" ብሎ ይዞት ወደ ኮምቦልቻ ሲወርድ ኬላ ላይ ተፈተሸ። ዘመኑ ሰባ ነው፣ የቀይ ሽብር ጊዜ። ሰባን የምታውቁ ታውቁታላችሁ። "የጠላት ምስጢራዊ ጽሑፍ ነው" ተባለና ቀበሌያችን አምጥተው አሰሩት። ሚስቱ ሸሪፋ እርጉዝ ነበረች። በዚያ ሰሞን ከእስር ቤት የተወሰደ ሰው ተመልሶ እንደማይመጣ ሁላችንም እናውቃለን።

ፊደሉን የደረደርኩት ነኝና እኔም ተጠራሁ። የቀበሌው ሊቀመንበር ጓድ ብሩ ተቀምጠዋል፤ አጠገባቸው ከአውራጃ የመጣ፣ ሽጉጡን ጠረጴዛ ላይ ያኖረ ሰውዬ አለ።

"ትርጉሙ ምንድን ነው?" አለኝ ሰውዬው።

"ትርጉም የለውም ጓድ፣ ጨዋታ ነው።"

"ትርጉም የሌለው ነገር በቆዳ አይጠረዝም! አንብቢ!"

ምን ላድርግ? ቢስሚላህ ብዬ ገለጥኩት። "በዘርመላ አገር ዝናብ የሚዘንበው የተጣላ ሲታረቅ ነው። ቂም የያዘ ሰው እርሻው ይደርቃል..." እያልኩ አንድ ገጽ ሙሉ ዋሸሁ። ሰውዬው በጥሞና ሰማኝና፣ "ጎበዝ! አሁን ያንኑ ገጽ ድገሚልኝ" አለ።

ብትገድሉኝ አላስታውስም! በሺር በእኔ ምክንያት መሞቱ ነው አልኩ በልቤ።

ይኼኔ ጓድ ብሩ መጽሐፉን ከእጄ ወሰዱት። "ቀላል ነው እኮ፣ እኔም ለመድኩት!" ብለው፣ ጣታቸውን በመስመሩ ላይ እየጎተቱ፣ እኔ ያልኩትን ቃል በቃል ደገሙት። በዚያም አላበቁም፤ ቀጣዩን ገጽ ገለጡ። የዘርመላ ንጉሥ ፍየል ጠፍታበት አገር ለአገር ሲፈልጋት ከርሞ ቤቱ ቢመለስ፣ አልጋው ላይ ተኝታ አገኛት አሉ። ደስ ብሏቸው ነው የሚያነቡት!

ሰውዬው በሳቅ ፈረሰ። "ይኼ ጅል የሚያነበው ጽሑፍ ምስጢር ሊሆን አይችልም" ብሎ ሽጉጡን አንሥቶ ሄደ። በሺር በማግሥቱ ተፈታ።

እኔ ስወጣ ጓድ ብሩ በሩ ላይ ደረሱብኝና ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ "ዘይቱና፣ ሁለተኛ ስትዋሺ አሳጥሪው። ሸምግያለሁ፣ ብዙ ነገር አይያዝልኝም" አሉኝ።

ወሬው ከተማውን አዳረሰ። ስማቸው "ብሩ ዘርመላ" ሆኖ ቀረ። ፒያሳ ሻይ ሊጠጡ በገቡ ቁጥር "ጓድ ብሩ፣ ከዘርመላ ምን አዲስ ነገር አለ?" ይሏቸዋል። "ዘንድሮ ዝናቡ ጥሩ ነው" ብለው አብረው ይስቃሉ። ሰው በገዛ አገሩ ጅል ተብሎ መኖር የሚቀለው ይመስላችኋል? እኔና በሺርስ ለምን ዝም አልን? ጅል አይደሉም ብንል፣ "እያወቁ ጠላት አስመለጡ" ሊባሉ ነው። ጅል መባላቸው ነበር በሕይወት ያቆያቸው።

አምና ዐረፉ፤ ነፍሳቸውን ይማር። ከእንግዲህ እውነቱ ቢወጣም ማንም ጠርቶ ሊጠይቃቸው አይችልም። ባለቤታቸውን እትዬ ወርቅነሽን ዛሬ እዚህ የጠራኋቸው ለዚህ ነው።

እትዬ ወርቅነሽ፣ የቀብሩ ዕለት እጄን ይዘው "ሰው እንደሚለው ባሌ እውነት ጅል ነበር እንዴ?" ብለው ጠየቁኝ። ለቀስተኛው ብዙ ነበርና ሳልመልስልዎት ቀረሁ፤ ነገሩ ግን ሲያቃጥለኝ ከርሟል። ጅል አልነበሩም። እዚያ ክፍል ውስጥ ከነበርነው ሁሉ ብልሁም ደፋሩም እሳቸው ነበሩ። ያውልዎት በሺር፣ እዚያ ጥግ ተቀምጧል። አጠገቡ ያለችው ልጁ ከሪማ ናት፤ ያኔ በሸሪፋ ሆድ የነበረችው። አባቷን አይታ ያደገችው ባለቤትዎ ስለተሳቀባቸው ነው።

ከሪማ፣ ነይ ልጄ፣ የእትዬ ወርቅነሽን ጉልበት ሳሚ።

እናንተም እጃችሁን ዘርጉና ልመርቃችሁ። ጤና ይስጣችሁ፤ እንጀራችሁን ያብዛው፤ ልጆቻችሁን ለወግ ለማዕረግ ያብቃላችሁ። ክፉ ቀን አያምጣባችሁ፤ ከመጣም፣ ለእናንተ ሲል ጅል የሚባል ሰው አያሳጣችሁ።

አሚን በሉ።