ወንዝ ዳር ነው የተባለው ቤት

የከተማው ፍርድ ቤት ኮሪደር፣ ችሎት ሊጀመር ሩብ ሰዓት ሲቀረው፤ የግንባታ ፈቃድ ኃላፊው ኢንጂነር ልሳነወርቅ ከሳሻቸውን ባልቴት እማማ አስካለን ክሱን እንዲያነሱ ሊያግባቧቸው ጥግ ይዘዋቸዋል።

ልሳነወርቅ፦ እማማ፣ እባክዎ ይስሙኝ። መንግሥትን ከሶ የረታ ማን አለ? ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ ሲባል አልሰሙም?

አስካለ፦ ሰምቻለሁ። አንተ ግን ከመቼ ወዲህ ነው የነገሥከው? ሁለተኛ ፎቅ ላይ የተቀመጥክ የቢሮ ኃላፊ ነህ። ያውም ደረጃው መደገፊያ የሌለው ፎቅ! ለገዛ ቢሮው ደረጃ መደገፊያ ያላበጀ ሰው ነው የእኔን ግድግዳ የሚከለክል።

ልሳነወርቅ፦ ነገሩን ወደ ቀልድ አይውሰዱት። ቦታዎ ወንዝ ዳር ነው። ወንዝ ዳር መገንባት ክልክል ነው፣ አለቀ።

አስካለ፦ እኔ እዚያ ወንዝ ለመድረስ ሁለት ጊዜ ቁጭ ብዬ አርፋለሁ። ከእኔ በታች ያ ሆቴል አራት ፎቅ ሲቆልል ወንዙ የት ሄዶ ነበር? ወይስ ወንዝም ሰው እያየ ነው የሚሞላው?

ልሳነወርቅ፦ የሆቴሉ ጉዳይ ሌላ ነው።

አስካለ፦ ሌላማ ነው! ባለቤቱ ጓሮዬን መኪና ማቆሚያ ሊያደርገው ስንቴ ሽማግሌ ላከብኝ? ግድግዳዬ በክረምት ሲደረመስ «አሁንስ ትሸጣለች» ብላችሁ ቁጭ አላችሁ። ከሞኝ ደጃፍ ሞፈር ይቆረጣል። ይኸው ማድ ቤት ውስጥ ነው የማድረው። በልግ ሳይገባ ግድግዳውን ካላቆምኩ የቀረውም ቤት ይሄዳል፤ ይህን ደግሞ አሳምረህ ታውቃለህ።

ልሳነወርቅ፦ እኛ በሥርዓት ነው የከለከልነው። ባለሙያ ወጥቶ፣ ቦታው ተለክቶ፣ ቃለ ጉባኤ ተይዞ፣ ሦስት ሰው ፈርሞበት።

አስካለ፦ አንደኛው ፊርማ ያንተ ነው?

ልሳነወርቅ፦ የእኔ ነው። ሜትሩን ራሴ ይዣለሁ።

አስካለ፦ እኔ ደጅ ድርሽ ስትል ያየህ ጎረቤት የለም።

ልሳነወርቅ፦ ያን ቀን እርስዎ ቤት አልነበሩም።

አስካለ፦ የት ሄጄ? እሺ ይሁን። ለፍርድ ቤቱ ያስገባችሁት ወረቀት ኮፒው ይኸው። ዓይኔ ደክሟል፣ ቀኑን አንብብልኝ።

ልሳነወርቅ፦ ጳጉሜ ስድስት።

አስካለ፦ ያለፈችው ጳጉሜ?

ልሳነወርቅ፦ አዎ፣ ያለፈችው። ማመልከቻዎ እንደገባ ወዲያው ማለት ነው።

አስካለ፦ ያለፈችው ጳጉሜ አምስት ቀን ነበረች። በአምስት ማታ ችቦ አብርተን ስንነቃ እንቁጣጣሽ ነበር። ስድስተኛዋ በአራት ዓመት አንዴ፣ በሉቃስ ነው የምትመጣው። ያለፈው ዮሐንስ ነበር፣ ልጄ! የት አገር ቆማችሁ ነው የለካችሁት?

ልሳነወርቅ፦ የጸሐፊዋ ስህተት ይሆናል… የቁጥር ስህተት።

አስካለ፦ የፈረመችው ጸሐፊዋ ናት? ስከሳችሁ ደንግጣችሁ በአንድ ጀምበር የፈበረካችሁት ነው። የቸኮለች አፍስሳ ለቀመች።

ልሳነወርቅ፦ ቀስ ይበሉ፣ ሰው ይሰማል።

አስካለ፦ ይስማ!

ልሳነወርቅ፦ እማማ፣ እንደ ልጅዎ ይዩኝ። በእንጀራዬ አይምጡብኝ። ክሱን ያንሱልኝና ፈቃዱን ዛሬ ከሰዓት በኋላ ፈርሜ ቤትዎ ድረስ እኔው ይዤ እመጣለሁ።

አስካለ፦ ወንዙስ?

ልሳነወርቅ፦ ምን ወንዝ አለ እማማ! ቦታዎ ምንም የለበትም።

አስካለ፦ አምስት ወር ደጅህ ስመላለስ ከአፍህ የጠፋችው ቃል ዛሬ ተገኘች! ሰማህ? ስማችን ተጠራ። በል ቅደም። ወይ አሁን ያልከኝን ለዳኛው ድገምላቸው፣ ወይ በሌለ ቀን ቆመህ እንዴት እንደለካህ አስረዳ። ለእኔ ሁለቱም ይበቃኛል።