የእንግዳ ጠላ ከእንግዳ አይጠመቅም

ከጎንደር ወደ ደባርቅ የሚሄድ ሚኒባስ ኮሶዬ ላይ ሳይቆም አያልፍም። ሹፌሩ ምሳውን ይበላል፤ ተሳፋሪው ብርዱን እየረገመ ገደሉን ያያል። እኔም ባለፈው ዓመት በጥቅምት ወር የእህቴን ልጅ ሄለንን ይዤ ለዘመድ ተዝካር ወደ ደባርቅ ስሄድ እንደ ወጉ ወረድሁ። ስሜ ወልደኢየሱስ ይባላል። አዘዞ ውስጥ ዕድሜዬን ሙሉ አማርኛ ሳስተምር ኖሬ አሁን ጡረታ ወጥቻለሁ። ሄለን ደግሞ ጎንደር ከተማ በአንድ መድኃኒት ቤት የምትሠራ ፋርማሲስት ናት። እኔና እሷ በመንገድ ላይ መከራከር እንወዳለን፤ ያን ቀን ግን ክርክሩ ከሌላ ሰው ጋር ሆነ።

እሷ ምሳ ልታዝ ምግብ ቤት ስትገባ እኔ እግሬን ላፍታታ ብዬ ወደ ገደሉ ጠጋ አልሁ። ከኛው ሚኒባስ የወረዱ፣ ጋቢ የለበሱ አንድ ሽማግሌ ጫፉ ላይ ቆመዋል። በቀኝ እጃቸው ትንሽ የካርቶን ሳጥን ይዘዋል። አንዲት ከሲታ ልጃገረድ የጋቢያቸውን ጫፍ በሁለት እጇ ጨብጣ «አባባ፣ ተው! ስለ እመብርሃን ተው!» ትላለች። ሽማግሌው ክንዳቸውን ወደ ኋላ ሲያነሡ ሳጥኑን ሊወረውሩት መሆኑ ገባኝና ሮጬ እጃቸውን ያዝሁ። በዚህ ዕድሜዬ መሮጥ መቻሌ ራሴንም ገረመኝ።

«ምነው ጌታው፣ ምን ሊጥሉ ነው?»

«ልቀቀኝ ወንድሜ። ኃጢአት ነው የምጥለው።»

«ኃጢአት በካርቶን ታሽጎ አያውቅም፤ እስቲ ያሳዩኝ» ብዬ ሳጥኑን ተቀበልኋቸውና ሄለንን ጠራኋት። ገና ስታየው ፊቷ ተለዋወጠ።

«ይህ ኢንሱሊን ነው። የስኳር ሕመም መድኃኒት። የማን ነው?»

«የኔ ነው» አለች ልጅቱ በደከመ ድምፅ።

ሽማግሌው አያ ሰጠኝ ይባላሉ፤ ከጃናሞራ፣ ከመካነ ብርሃን አጠገብ የመጡ ገበሬ ናቸው። ልጅቱ ጽጌሬዳ የመጨረሻ ልጃቸው ናት። ከክረምቱ ጀምሮ ውኃ አልጠግብ ብላ፣ ሰውነቷ እንደ ሻማ ቀልጦ፣ በመጨረሻም ራሷን ስታ ጎንደር ሆስፒታል ገብታ ነበር። ሐኪሞቹ አዳኗት፤ ቆሽቷ ኢንሱሊን መስጠት ስላቆመ ዕድሜዋን በሙሉ በየቀኑ መድኃኒቱን መወጋት እንዳለባት ነግረው፣ አወጋጉንም አስተምረው ዛሬ ጧት አሰናበቷት።

«ጧት ተወግተሻል?» አለቻት ሄለን።

«አልተወጋሁም። አባባ ከለከለኝ» ብላ ባዶ የውኃ ጠርሙሷን አሳየቻት። ያን ጠርሙስ ከጎንደር እስከ ኮሶዬ ሁለት ጊዜ ሞልታ ጨርሳው ነበር።

ሄለን ወደ ጎን ሳበችኝ። «አጎቴ፣ ይህች ልጅ ያለ መድኃኒቱ አገሯ ከገባች ሳምንቱን አትዘልቅም። ሚኒባሱ ሳይነሣ አባቷን ማሳመን አለብን።»

ወደ ምግብ ቤቱ ይዘናቸው ገባን። ሽሮ ቀረበ፤ አያ ሰጠኝ አልነኩትም፤ ልጅቱም አባቷን ታያለች። ተሳፋሪውም በአገራችን ልማድ የራሱን ትቶ የኛን መስማት ጀመረ።

«አያ ሰጠኝ፣ ኃጢአት ነው ብሎ የነገረዎ ማን ነው?» አለች ሄለን በትሕትና።

«ላቀው ነው፣ የወንድሜ ልጅ። ከተማ ነው የተማረ፤ እንግሊዝኛ ያንበለብለዋል። መናኸሪያ ሊሸኘን መጣና ሳጥኑን አገላብጦ አየው። ‹አያ፣ እዚህ ላይ የሰው ኢንሱሊን ይላል› አለኝ። ከሰው የወጣ መሆኑ ነው እንግዲህ! የሞተ ይሁን የተገደለ በምን ይታወቃል? እኔ ልጄን ሰው አላበላም።»

ግድግዳ ሥር የተቀመጠች አንዲት ሴት አማተበች።

«ሐኪሙን ተመልሰው ለምን አልጠየቁትም?»

«ምን ብዬ ልጠይቀው? ልጄን ከሞት ያስነሣልኝን ሰው ‹ሬሳ ነው ወይ የሰጠኸኝ› ልበለው? አፈርሁ።»

ሳቄ መጥቶ ነበር፤ ዓይናቸው እንባ ማቅረሩን ሳይ ግን ዋጥሁት። እሳቸውም ቀጠሉ፦ «ስሚኝ ልጄ። ልጄ ብትሞትብኝ እግዜር ሰጠ፣ እግዜር ነሣ ብዬ አለቅሳለሁ። የሰው ሥጋ ሰጥቼ ባድናት ግን በእግዜር ፊት ምን ብዬ እቆማለሁ? ለሷ ስል ነፍሴን ባጠፋ ግድ የለኝም። የሷን ነፍስ ግን እንዴት አድርጌ?»

እውነቱን ልናገር፤ እኔ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ አንድ ግትር ሽማግሌ ነበር የታየኝ። ለካ እኒህ ሰው የቆሙት ለሕሊናቸው ነው። ሕሊናቸው ግን የተመራው በአንድ ቃል ነውና፣ ቃሉን ማቃናት የኔ የአማርኛ መምህሩ ሥራ ነው ብዬ ሳጥኑን አነሣሁ። ላቀው በጥፍሩ ያሰመረበት ቦታ ይታያል። በእንግሊዝኛ ፊደል ሦስት ቃላት ተጽፈዋል፤ «ሪኮምቢናንት ሂዩማን ኢንሱሊን» ይላሉ።

«አያ ሰጠኝ፣ ላቀው ‹የሰው› ብሎ የተረጎመው መካከለኛዋን ቃል ነው። የፊተኛዋንስ ምን አላት?»

«እሷን ዘለላት። ‹የፋብሪካው ስም ሳትሆን አትቀርም› አለ።»

ደሜ ፈላ። ስንት ትውልድ ተማሪ «የማታውቁትን ቃል አትዝለሉ፤ ነገሩ ያለው እዚያ ነው» እያልሁ ጉሮሮዬ ደርቋል! ላቀው የተረጎመው ቃል ትክክል ነው፤ የዘለለው ቃል ግን ሰው ሊገድል ነበር።

«እስቲ አንድ ነገር ልጠይቅዎ። የገብስ ጠላ ከምን ይጠመቃል?»

«ከገብስ ነዋ።»

«የእንግዳ ጠላስ?»

ከኋላችን አንዱን ተሳፋሪ ሳቁ አመለጠው። አያ ሰጠኝም ሳይወዱ ፈገግ አሉ። «ኧረ መምህር፣ ለእንግዳ የተሰናዳ ነው እንጂ እንግዳ ተፈጭቶ ይጠመቃል እንዴ?»

«የበሬ ቀንበርስ ከበሬ ይጠረባል?»

«ከእንጨት ነው።»

«አዩ! ‹የ› የምትባለው ፊደል ሥራዋ ብዙ ነው። ከምን እንደተሠራም ትናገራለች፣ ለማን እንደሆነም ትናገራለች፣ የማን ዓይነት እንደሆነም ትናገራለች። ‹የሰው ኢንሱሊን› ቢባል ከሰው የተሠራ ነው ማለት አይደለም።»

አሸነፍሁ ብዬ ተዝናናሁ። አያ ሰጠኝ ግን የዋዛ ሰው አልነበሩም።

«መምህር፣ አንተ የቃል ሰው ነህና በቃል ትጫወትብኛለህ። ቀንበሩ ለበሬ ነው፤ ይሁን። ከምን እንደተሠራ ግን አውቀዋለሁ፤ እንጨቱን ቆርጬ የጠረብሁት እኔ ነኝ። ይኸስ ከምን ተሠራ? እሱን ንገረኝ።»

ተረታሁ። ሰዋስው እስከዚያ ድረስ ነው የሚሄደው። ሄለን ወንበሯን አስጠግታ ተቀበለችኝ።

«ትክክል ጠየቁ፣ አያ ሰጠኝ። ከቆሽት ልነሣና ልንገርዎ…»

«ቆሽቴን ሳታሳርሪው ባጭሩ ንገሪኝ፣ ልጄ።»

«እሺ፣ ባጭሩ። ኢንሱሊን ቆሽት የሚሠራው ፕሮቲን ነው፤ ያለ እሱ የበላነው ምግብ ለሰውነት ጉልበት አይሆንም። በቀድሞ ዘመን መድኃኒቱ ከአሳማና ከከብት ቆሽት ተጨምቆ ይወጣ ነበር።»

«ከአሳማ!» አሉ ወደ ኋላ እየሸሹ።

«አይሽሹ፤ ከዚያ ያወጣን ይህች ላቀው የዘለላት ቃል ናት። በእያንዳንዳችን አካል ውስጥ ‹ኢንሱሊንን እንዲህ አድርገህ ሥራ› የሚል ትእዛዝ ተጽፏል። በቀለም የተጻፈ አይደለም፤ ፈጣሪ በራሱ ጥበብ የጻፈው ነው። ሊቃውንቱ ይህንን ጽሑፍ ገለበጡት። ግልባጩን ወስደው በዓይን ከማይታይ ተሕዋስ ጽሑፍ ጋር አጋጠሙት። ሪኮምቢናንት ማለት ይኸው ነው፤ ከሁለት ስፍራ መጥቶ ዳግም የተጋጠመ።»

«‹ዳግም ቅንጅት› ብንለውስ?» አልሁ፤ ዝም ማለት አልችልምና።

«የፓርቲ ስም አስመሰልኸው፣ አጎቴ። ተወኝ ልጨርስ» ብላ ወደሳቸው ዞረች። «ፊተኛዋ ቃል እንዴት እንደተሠራ ትናገራለች። ሁለተኛዋ የማንን ኢንሱሊን እንደሚመስል፤ የአሳማን ሳይሆን የሰውን። ሦስተኛዋ ምን እንደሆነ። ሦስቱ አብረው ካልተነበቡ ነገሩ ይጣመማል።»

«ያ ያልሽው ተሕዋስ ምንድን ነው?»

«አንዱ ፋብሪካ ባክቴሪያ ይጠቀማል፤ ሌላው እርሾ። ያውና፣ የምግብ ቤቱ ባለቤት ጥጉ ላይ ጠላ ጠንስሳለች። ያንን ጥንስስ የሚያስነሣው ማን ነው?»

«እርሾው ነው።»

«መድኃኒቱም በትልልቅ የብረት ጋን ነው የሚጠነሰሰው። እርሾው እየተባዛ የተሰጠውን ትእዛዝ ይፈጽማል፤ ኢንሱሊን ይሠራል። ከዚያ ይጣራል፤ እርሾው ይቀራል፣ ኢንሱሊኑ ይወሰዳል። እዚያ ጋን ውስጥ የሰው ሥጋ፣ የሰው ደም አይገባም።»

አያ ሰጠኝ ዞረው ጥንስሱን ተመለከቱ። «ጽሑፉ ሲገለበጥ ግን ሰውየው ምን ሆነ? አልጎደለበትም?»

ይህስ የኔ ነው ብዬ ዘው አልሁ። «የደብራችሁ ድጓ ከየት መጣ?»

«አባቶቻችን ከጎንደር አስገልብጠው ነው ያመጡት።»

«የጎንደሩ መጽሐፍ አንድ ቅጠል ጎደለበት?»

«አልጎደለበትም» አሉ ቀስ ብለው። «አንድም አልጎደለበት።»

«ቃሉ ደግሞ ኢንሱሊን ላይ ብቻ አይደለም ያለው» አለች ሄለን። «ለሕፃናት በሚሰጠው የጉበት በሽታ ክትባትም ይጠቀሳል፤ እሱም በዚሁ ዘዴ ከእርሾ ይሠራል።»

«የልጅ ልጆቼ ተከትበዋል እኮ!»

«ምን ሆኑ?»

«ምን ይሆናሉ፤ ጥጃ ነው የሚያሳድዱ።» ከዚያ ዕለቱ ረቡዕ መሆኑ ትዝ አላቸውና ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ጾምስ ያስገድፋል?»

«መርፌ ነው፤ ምግብ አይደለም። ለበለጠው የንስሐ አባትዎን ይጠይቁ። ጠበሉንም ትጠመቅ፤ እኔም እጠመቃለሁ። መርፌው ግን አንድ ቀን አይቅርባት።»

ነገሩ ያለቀ መሰለኝ፤ እሳቸው ግን እጃቸውን ወደ ሳጥኑ አልዘረጉም። በልብ ያመኑትን በእጅ መፈጸም ይከብዳል። ያን ጊዜ ጽጌሬዳ ቀና አለች።

«አባባ፣ ቃሉን የዘለለው ላቀው ነው። የምሞተው ግን እኔ ነኝ።»

አያ ሰጠኝ ሳጥኑን ከፊቴ አንሥተው በሁለት እጃቸው አቀረቡላት። «እንኪ ልጄ። አባትሽ አላወቀም ነበር። ተወጊና ብይ።»

ሄለን መጠኑን አይታ አረጋገጠች። ልጅቱ ነጠላዋን ከለል አድርጋ ሆዷ ላይ እንደተማረችው ራሷን ወጋችና ሽሮውን በደንብ በላች። ግድግዳ ሥር የነበረችው ሴት «እሰይ!» አለች። ጽጌሬዳ በመንገድ አባቷ ትከሻ ላይ ተኛች፤ ስንወርድ ያ ጠርሙስ ከግማሽ በላይ ውኃ ነበረው። አያ ሰጠኝ ደባርቅ እንደደረስን መጀመሪያ የፈለጉት ስልክ ነው። «ላቀው! የተማርኸው ሸጋ ነው፤ የዘለልሃትን ቃል ግን ሄደህ ተማር!» ሲሉ መናኸሪያው በሙሉ ሰማ። እኔም ከእንግዲህ የማስተማር ሥራዬን ለሳቸው ባስረክብ ግድ አልነበረኝም።

የዚህን ክርክር ፍሬ ያየሁት በጥር ወር ነው። አያ ሰጠኝ ለሄለን ደውለው ጎንደር መምጣታቸውን ነገሯትና ሆስፒታሉ በር ላይ ሄደን ተገናኘን። ጽጌሬዳን ሳያት አላወቅኋትም፤ ጉንጯ ሞልቷል፤ ወደ ትምህርቷም ተመልሳለች። መድኃኒቷን በእርጥብ አሸዋ መካከል በተቀመጠ የሸክላ እንስራ ውስጥ በቀዝቃዛ ቦታ እንደምታኖረው ለሄለን ነገረቻት። የመጡት ግን ለሷ አልነበረም። ጎረቤታቸው አዛለች፣ የሁለት ልጆች እናት፣ ውኃ ውኃ እያለች መንምና አልጋ ይዛ ነበር። መንደሩ ቡዳ በላት ሲል አያ ሰጠኝ ጥማቷን ዓይተው «ይህንን በሽታ አውቀዋለሁ» ብለው በቃሬዛ አሸክመው እስከ መኪናው መንገድ አወረዷት።

ሐኪሞቹ ተቀብለዋት ነበር። ትዕዛዙ የሚባለው ባሏ ግን መድኃኒቱ ከሰው ይሠራል ሲባል ሰምቶ ኖሮ በሩ ላይ ያጉረመርማል። እኔ ጉሮሮዬን ጠርጌ «ወንድሜ ትዕዛዙ…» ብዬ ስጀምር አያ ሰጠኝ እጃቸውን ደረቴ ላይ አደረጉ።

«አንተ ቆይ፣ መምህር። ይኸን እኔ ነኝ የምነግረው።»

ነገሩትም። ስለ ጽሑፉ፣ ስለ ግልባጩ፣ ስለ እርሾው ከኔም ከሄለንም አሳምረው ነገሩት። «እኔ ልጄን በአንድ ቃል ልገድላት ነበር፤ ዛሬ በሕይወት አለች፣ ትማራለች፣ ትጾማለች፣ ትቆርባለች። ያልገባህን ነገር ሐኪሙን ጠይቅ፤ መጠየቅ አያሳፍርም። ጠይቀህ ስታበቃ ግን መድኃኒቱን አትከልክላት» አሉት። ትዕዛዙ አንገቱን ደፍቶ ሰማና ወደ ውስጥ ገባ።

በሳምንቱ አዛለች በቃሬዛ የገባችበትን በር በእግሯ ወጣችበት። መናኸሪያ ልንሸኛቸው ስንሄድ አያ ሰጠኝ በድንገት «ምነው ሴቶች፣ እልል አትሉም?» አሉ። ጽጌሬዳ ጀመረችው፤ ሄለን ተቀበለቻት፤ ሻይ የሚሸጡት ሴቶች ሳይቀሩ ምክንያቱን ሳያውቁ እልልታውን አቀለጡት። አንድ ጫኝ ሮጦ መጣና «አያ፣ የማን ሰርግ ነው?» ብሎ ጠየቀ።

«ሰርግ አይደለም፤ ሁለት ሕፃናት እናታቸው በሕይወት ልትገባላቸው ነው» አሉት አያ ሰጠኝ።