ኮቷን ለማስታወሻ

ተቀመጪ እስቲ ጎረቤቴ። ይቺ አግዳሚ ብትቆረቁርም ከመቆም ትሻላለች። ጉልበትሽ እንዴት ነው? የኔማ ገና ደረጃ ሲያይ ያቃስታል... ጮክ ብዬ የማወራው ጆሮሽ ስለሚከብድ ነው እንጂ ከአግዳሚው ጫፍ የተቀመጠ ሰው እንዲሰማ አይደለም። ምን በወጣኝ!

ምስኪኗ ልጅ ካሳ ቢሮው ገብታለች። ባሏን የሐዲድ ብሎን ሲያጠብቅ ያ ወደ ኋላ የመጣ ፉርጎ ከገደለባት ይኸው አምስት ወሯ፤ ዛሬም "ሟቹ ያስተዳድርሽ እንደነበር በምን እናምናለን?" ይሏታል። ካሳ የሚከፈለው በሟቹ እጅ ይኖር ለነበረ ብቻ ነዋ! ግን የቷ ሚስት ናት ለእራት ደረሰኝ የምትቀበል? ቢጨንቃት የምሳ ዕቃውን ይዛ ገባች። ክዳኑ የተጨረመተ የምሳ ዕቃ... አንጀቴን በላችው።

ወረቀት ማሟላት የሚያውቅ ሰውማ አለ። ስም አልጠራም፤ ስም መጥራት ሐሜት ነው። አንድ የሟች ታላቅ ወንድም አውቃለሁ... እንዴት ያለ ትሑት መሰለሽ! ስንት ዓመት ሙሉ ፀጉር ቤቱ በር ላይ ቆሞ "ያንን ሐዲድ ጠጋኝ እኮ የማኖረው እኔ ነኝ፤ የለበሳትን ኮት እንኳ እኔ ነኝ የሰጠሁት" ሲል አልሰማሽም? ያልሰማ ጎረቤትስ አለ? ለካ በታናሹ እጅ የሚኖረው እሱ ኖሯል! ይሉኝታ ይዞት ነው እንጂ። ታናሹ ሲሞት ጊዜ ነው እውነቱን በማመልከቻ ያወጣው። እንዲህ ያለ ምስጢር ጠባቂ የት ይገኛል?

ሐዘኑስ ቢሆን? የሞተው ወንድሜ፣ የገደለው ባቡር፣ ሐዘኔ ቅጥ አጣ... ማመልከቻው ግን ቅጡን አላጣም፤ በሦስት ኮፒ ነው የገባው።

ኮቷንም አልረሳ። ከቀብር በሦስተኛው ቀን ሄዶ "ለማስታወሻ" ብሎ ከሚስትየው ተቀበላት። እኔ ሞኟ አልቅሼ ነበር። ዛሬ ይኸው ለብሷት... ማለቴ፣ እንዲህ ያለ ቢሮ የሚመጣ ቀን ይለብሳት ይሆናል። ክርኗ የተበላ ኮት ለጥገኛ እንዴት ታምራለች! ከዘራም ይዟል አሉ። መኪናውን ከዳቦ ቤቱ ጀርባ ካቆመ በኋላ ነው አሉ ማነከስ የሚጀምረው።

ታዲያ "ሦስት የሰፈር ምስክር አምጣ" ቢሉት ማን ጋ ቢመጣ ጥሩ ነው? እኛው ጋ! ያንን ሁሉ ዓመት ስንሰማው የኖርነው ጋ! ጅብ እንኳ ቁርበት አንጥፉልኝ የሚለው የማያውቁት አገር ሄዶ ነው... እሱ ግን ልበ ሙሉ ነው፣ እዚሁ ደጃችን ላይ ጠየቀን። እኔም እሺ አልኩት። ለምን እምቢ እላለሁ? ከፀጉር ቤቱ በር ጀምሬ የሰማሁትን ሁሉ እመሰክርለታለሁ።

እሱ ጥገኛ ተብሎ ከተመዘገበ የሟቹ የሦስት ልጆቹ ድርሻ ይቀነሳል አሉ። ይቀነስ እንጂ! ልጆች ምን ሆድ አላቸውና? አባት እንደሆነ አንዴ ሄዷል፣ አጎት ይጥገብ!

ቅጹንም አንብቦልኛል። "ጤና የለኝም። ሠርቼ መብላት አልችልም። የሚጦረኝ ልጅ የለኝም።" ሁለት ጎረምሳ ልጆቹን በአንዲት መስመር ጠረጋቸው... አንደኛው የጥርስ ሐኪም አልነበረም እንዴ? ፊርማውንም አሳምሮ አኖረበት።

እንግዲህ ከመመረቅ በቀር ምን እንላለን? ከልቤ ነው፣ አምላክ ያውቃል። ዕድሜውን ያርዝምለት... እዚያ ቅጽ ላይ የፈረመባትንም እያንዳንዷን ቃል፣ አንድም ሳያስቀር፣ እውነት ያድርግለት።

አሜን በይ እንጂ ጎረቤቴ... ጮክ ብለሽ።