አጎቴ ለበሬያቸው ሲደውሉ

ስልክ እኔ ሱቅ የገባ ሰሞን፣ አጎቴ በሬያቸው ታሞባቸው ከገረሴ አርባ ምንጭ ወረዱ። «አይንከራተቱ፣ ለእንስሳት ሐኪሙ እንደውልለታለን» አልኳቸው። ቁጥሩን የሚያውቅ ግን ጠፋ። በግምት የደወልንለት መሥሪያ ቤት መንገድ ሥራ ሆኖ ተገኘ። አጎቴ እጀታውን ተቀብለው እንደ አገራቸው ወግ ሰላምታውን አስረዘሙት፤ ልጆች ደኅና ናቸው? ዝናቡስ? ሰውዬው አንድም ሳያስቀር መለሰላቸው፣ እሱም በተራው «ከብቱስ?» ብሎ ጠየቀ። የበሬውን መታመም ሲሰማ አዝኖ የሐኪሙን ቁጥር ፈልጎ ሰጠን።

ደወልን። አጎቴ ገና ስለ ልጆቹ ሲጠይቁ፣ ሐኪሙ «ሥራ አለብኝ፣ ጉዳይዎን ይናገሩ!» ብሎ ጆሯቸው ላይ ዘጋው። «ይቆዩ፣ እኔ ደውዬ ልንገረው» ብል እምቢ አሉ። «ሰላምታ የነፈገኝ ሰው በሬዬን ሊያድን? ይቅርብኝ!» ቅር እንዳይላቸው ብዬ ተውኩት። ምናለ እሳቸው ከሄዱ በኋላ እንኳ ብደውል ኖሮ!

በሳምንቱ ተመልሰው መጡ። በሬው ሞቷል። ሐኪሙን ይራገማሉ ብዬ ስጠብቅ ስልኩን በአገጫቸው አሳዩኝና፣ «ለዚያ ለመንገድ ሥራው ሰውዬ ደውልልኝ» አሉ። «‹ከብቱስ?› ብሎ የጠየቀኝ እሱ ነው፤ መሞቱን ልንገረው።»